በቀዩ ጨርቅ ላይ የሚጻፈው

«አልቅስ።»

«ማን መጣ?» አለ ኢንሶፕ።

«ማንም አልመጣም። አንተ ግን አልቅስ።»

አጎቱ ሃክሱ ይህን ያለው በሩ ላይ ቆሞ የመንደሩን መንገድ ወዲያና ወዲህ ካየ በኋላ ነበር። ኢንሶፕ ሻካራውን የቃጫ ልብስ ለብሶ፣ ወገቡን በገለባ ገመድ ታጥቆ፣ የቀርከሃ ምርኩዙን ተደግፎ ጎንበስ ብሎ ቆሟል። የአባቱ አስከሬን ከተጣጣፊው ግርዶሽ ጀርባ ነው። ለቅሶ ደራሽ ከበር ሲደርስ የሟች በኩር ልጅ «አይጎ! አይጎ!» እያለ ድምፁን ያሰማል፤ እንግዳው ሰግዶ እስኪነሣም አያቋርጥም። እንግዳ ከሌለ ዝም ይላል። ስለዚህ በሶንጎል መንደር የአንዱ ለቅሶ ሰው ይብዛበት ይነስበት ለማወቅ እዚያ ድረስ መሄድ አያስፈልግም። እቤት ቁጭ ብሎ ማድመጥ ነው።

የሟቹ የአጥቢያ ሹም ቤት ከጠዋት ጀምሮ ጭጭ ብሏል።

«ጋሼ፣ በባዶ በር ላይ ምን ብዬ ላልቅስ?»

«ለበሩ አልቅስ ማን አለህ? ለመንደሩ ነው እንጂ! ወፍጮ ቤት ያሉት ጆሯቸውን ተክለዋል። ይኸው ፀሐይ አናት ላይ ወጣች፣ አንድ ጊዜ እንኳ ድምፅ አልተሰማም። እየሳቁብን ነው።»

«ይሳቁ።»

«አንተማ ቀብሩ ሲያልቅ ሴኡልህ ትገባለህ። እዚህ ቀርቶ የሚሳቅበት እኔ ነኝ። አልቅስ አልኩህ!»

ኢንሶፕ ባዶውን በር አየ። አፉን ከፈተ። «አይጎ…» ሲል የወጣው ድምፅ ብድር ሊጠይቅ ሄዶ ደጅ ላይ የሚንተባተብ ሰው ድምፅ ይመስል ነበር። ታላቅ እኅቱ ቦክሱን ከማድቤት ብቅ አለች፤ እጆቿ እስከ ክርኗ ድረስ ሊጥ ናቸው።

«ማን መጣ? ወጥ ላውጣ?»

«ማንም» አለ ኢንሶፕ ወደ መሬት እያየ።

ወንድሟን አየች፣ አጎቷን አየች፣ በሩን አየች። ገባት። «እሺ» አለች፣ «እንግዲያው ለማንም ወጥ ላውጣለት። ድስቱ ሙሉ ነው፤ ያሳማው ሥጋም ሊበላሽ ነው። ማንም ጠላ ይጠጣ እንደሆነ ጠይቀው።»

«አንቺ!» አለ አጎቷ።

እሷ ግን ተመልሳ ገብታለች።

ወላጁ የሞተበት ልጅ ኃጢአተኛ ነው ይላል ደንቡ። አባቱን በሕይወት ማቆየት አቅቶታልና። ለዚህ ነው ሻካራ የሚለብሰው፣ ለዚህ ነው ቀና ብሎ ሰማይ የማያየው፤ እንግዳ ሲያናግረውም «እኔ ኃጢአተኛው» ብሎ ነው የሚመልሰው። ኢንሶፕ ልብሱ ተስማምቶታል። ማፈር ለምዷል። የሚያፍረው ግን አባቱ ስለ ሞተ አልነበረም፤ አባቱ ስለ ኖረ ነበር።

ሁልጊዜም እንዲህ አልነበረም።

አገሩን ይገዙ የነበሩት ጃፓኖች በወጡ ሰሞን፣ ኢንሶፕ ገና የወተት ጥርሱ ሳይወልቅ፣ ከአገር ተሰዶ ዕድሜውን በባዕድ አገር ያሳለፈው ሽማግሌ ተመልሶ መጣ ተባለ። አባቱ ኦ ሃክጁን የሰው መሬት የሚያርስ፣ ካረሰው ግማሹን ለባለመሬቱ የሚያስረክብ ጭሰኛ ነበር። የተቀቀለ ሩዙን በጨርቅ ቋጥሮ፣ ሽማግሌው ይናገራል ወደ ተባለበት ከተማ በእግሩ ሄደ፤ ማታ ሲመለስ ድምፁ ተዘግቶ ነበር።

«ጸጉሩ በረዶ ነው» አለ፣ ሚስቱ እግሩን እያጠበችለት። «ንግግሩ ደግሞ ልክ እንደ አያቴ። እኛ የረሳናቸውን ቃላት እሱ እዚያ ማዶ ሲጠብቅልን ኖሯል።»

«ቀርበህ አየኸው?»

«የት አባቴ ልቅረብ? ሰው እንደ ጉንዳን ነው። ግን አየኝ። ወደ እኛ በኩል ዞሮ ነበር።»

ሽማግሌው የአዲሲቱ አገር የመጀመሪያ ፕሬዚዳንት ሆነ። ጥቂት ቆይቶ መሬት ላራሹ የሚሰጥ ሕግ ወጣ፤ በሩዝ ማሳው ዳር የሃክጁን ስም የተጻፈበት እንጨት ተተከለ። ሃክጁን በዚያ ክረምት ነበር ከልጆች ጋር ቁጭ ብሎ ፊደል የቆጠረው። ኢንሶፕን ትከሻው ላይ አስቀምጦ በማሳው መካከል ሄደና እንጨቱ ፊት ቆመ። ጣቱን በፊደሎቹ ላይ እያስኬደ «ኦ… ሃክ… ጁን» ብሎ አነበበ። ደግሞ አነበበው። ኢንሶፕ ከላይ ሆኖ የአባቱን ማጅራት ያይ ነበር፤ ማጅራቱ ይንቀጠቀጣል። ያን ጊዜ እየሳቀ ነው ብሎ ነበር ያሰበው።

«ይህን ሽማግሌ» አለ አባቱ ለእንጨቱ፣ «እሳት ግባ ቢለኝ እገባለሁ።»

በኋላ ሃክጁን የአጥቢያው ሹም ሲሆን የሽማግሌው ሥዕል ከአያት ቅድመ አያቶች መዘከሪያ ከፍ ብሎ ተሰቀለ። በሽማግሌው የልደት ቀን ትምህርት ቤት መድረክ ላይ ቆሞ «የአገራችን አባት» የሚለውን መዝሙር የመራው ኢንሶፕ ነበር። ከኋላ ረድፍ አባቱ ባርኔጣውን አውልቆ አለቀሰ። ኢንሶፕ ዛሬም ያን መዝሙር ከነዜማው ያውቀዋል። የሚጠላውም ለዚህ ነው፤ ልብስ ሲያጥብ፣ ደረጃ ሲወርድ፣ ሳያስበው ከአፉ ይወጣል።

*

መምህር ዮም ሲመጡ ኢንሶፕ በሥርዓቱ አለቀሰ። አዛውንቱ መምህር ሁለት ጊዜ ሰግደው ተነሡ፣ ለሐዘንተኛው ጎንበስ አሉ፣ ከዚያም ብብታቸው ሥር ያለውን ጥቅል አወጡ። ከሰው ቁመት የሚረዝም ቀይ ሐር ነው። የሟች ማንነት በነጭ ቀለም ይጻፍበታል፤ ከአስከሬኑ ጎን ይቆማል፣ በቀብር ቀን ከፊት ይመራል፣ በመጨረሻም ሳጥኑን ሸፍኖ አፈር ውስጥ ይገባል።

ሐሩን በረንዳው ላይ ዘረጉት። መምህሩ ነጩን ዱቄት በሙጫ መበጥበጥ ጀመሩ።

«እህ፣ ምን ተብሎ ይጻፍ?»

«ምን ጥያቄ አለው?» አለ ሃክሱ። «የአጥቢያው ሹም ኦ ሃክጁን።»

«ያልተሾመው ኦ ሃክጁን» አለ ኢንሶፕ።

የመምህሩ ማማሰያ ቆመ።

ሹመት ያልነበረው ሰው ሲሞት የሚጻፍለት የታወቀ ቃል አለ፤ የመንደሩ ገበሬዎች ሁሉ በሱ ነው የተቀበሩት። የሚያሳፍር አይደለም። ሹም የነበረ ግን ሹመቱ ይጻፍለታል። ቀዩ ጨርቅ ላይ የተጻፈው ደግሞ እዚያው አይቀርም፤ በየዓመቱ በሙት ዓመቱ ቀን ወረቀት ላይ ይገለበጣል። የሟች ልጅ ፊቱ ይሰግዳል፣ የልጁ ልጅ ይሰግዳል። ኢንሶፕ ለዕድሜ ልኩ አባቱን ምን ብሎ እንደሚጠራ ነበር በዚያ በረንዳ ላይ የሚወሰነው።

«አብደሃል?» አለ ሃክሱ። «ከቅድመ አያቶቻችን ጀምሮ በዚህ ቤት አንድ ሰው ተሾመ፣ እሱም ወንድሜ ነው! ሁላችንም ያልተሾምን ተብለን እንቀበራለን። እሱ እንኳ ይጻፍለት እንጂ!»

«የተሾመበት ሥራ ምን እንደ ነበር ረሱት፣ ጋሼ?»

«መንገድ አሠራ። ድልድዩን አሠራ።»

«ሌላስ?»

ሃክሱ ሱሪው ላይ የሌለ አቧራ አራገፈ።

«እርስዎ ባያስታውሱም እነሱ ያስታውሳሉ» አለ ኢንሶፕ በአገጩ ወደ መንደሩ እያመለከተ። «ነገ በመካከላቸው ነው የምናልፈው። ሹም የሚል ባንዲራ አስቀድመን! በየደጁ ቆመው ያነቡታል። ምን መስለን ልንታይ ነው? የምንኮራበት እንዲመስላቸው?»

ከወፍጮ ቤቱ የተሰቀለው ድምፅ ማጉያ ዜና ያሰማ ጀመር። የቀድሞው ፕሬዚዳንት፣ ተሰድዶ ከተቀመጠበት ሩቅ ደሴት ሞቶ፣ አስከሬኑ በአውሮፕላን ወደ አገሩ እየመጣ ነው። ሽማግሌውም ሹሙ በሞተበት ሐምሌ ነበር የሞተው። በመንግሥት ወግ ይቀበር ወይስ እንደ ማንኛውም ሰው በቤተሰቡ ይቀበር በሚለው ላይ በዋና ከተማው ገና ስምምነት አልተደረሰም አለ ድምፅ ማጉያው።

መምህር ዮም ፈገግ አሉ። «እዚያም ቀለሙ ተበጥብጦ እየጠበቀ ነው» አሉ። ብሩሹን ጠርዙ ላይ አስተኙት። «እኔ የቤቱ በኩር ያለኝን እጽፋለሁ። ግን ቶሎ በሉ። ያን የሽማግሌውን መዝሙር ያወጣሁት እኔ ነኝ፤ ልጆቻችሁን ሁሉ አዘምሬያለሁ። ስለዚህ ምከረን አትበሉኝ፣ አፍ የለኝም።»

*

ቀጥለው የመጡት ሦስት ገበሬዎች ናቸው። ሲገቡ ኢንሶፕ አለቀሰ፤ ከሦስቱ የሚበልጠው ማንሶክ ግን ከመስገዱ በፊት ጉሮሮውን ጠራረገ።

«ሹሙ እንዳስተማሩን» አለ፣ «ሦስት ሆነን መጣን።»

ሁለቱ ሳቃቸውን በእጃቸው አፈኑ። የሃክሱ ደም ፊቱ ላይ ወጣ። ኢንሶፕ ማልቀሱን ቀጠለ፤ ደንቡ ነው፤ እየተሰደበም ቢሆን ማልቀስ አለበት።

ሰገዱ። ምንጣፉ ላይ ተቀመጡ። ቦክሱን ወጥና ሥጋ አቀረበች፣ የሩዝ ጠላውን ቀዳች። በልተው ሲጠግቡ ምላሳቸው ለሰለሰ።

«መሬት ሰጥቶናል እኮ» አለ አንዱ። ሹሙን ይሁን ሽማግሌውን ማለቱ አልታወቀም።

«ሰጥቶናል። ልጅ ደግሞ ወሰደብን።»

«ባይሰጠን ኖሮ እስከ ዛሬ ግማሹን ለባለመሬቱ…»

«አውቃለሁ፣ አውቃለሁ። እኔ ደግ አልሠራም አልኩ? አንድ ሰው ጥርስህን ተክሎልህ በኋላ ጥርስህን ቢያወልቀው ምን ትለዋለህ?»

«ጥርስ ሐኪም» አለ ማንሶክ።

ሳቁ። ቦክሱን እንኳ ጀርባዋን ሰጥታ ሳቀች። ከዚያ ሁሉም በአንድ ጊዜ የት እንዳሉ ትዝ ብሏቸው ወደ ጠላቸው አቀረቀሩ።

የሦስቱን ነገር በሶንጎል የማያውቅ የለም። ሽማግሌው አረጀ፤ ከወንበሩ መውረድ ግን አልሆነለትም። ሥልጣኑ ሊያበቃ ሲል ሕጉ ለሱ ልክ እንደገና ተሰፋ። የመጨረሻው ምርጫ በመጋቢት ነበር። ከወረዳው ፖሊስ ጣቢያ ለየአጥቢያው ሹም ትእዛዝ መጣ፦ መራጩን ሦስት ሦስት አድርገህ አስገባ፣ ከሦስቱ አንዱ የታመነ ይሁን፣ ሁለቱ ማኅተም የረገጡበትን የምርጫ ወረቀት ሳጥን ውስጥ ሳይከቱ ለሱ ያሳዩት። ኦ ሃክጁን ትእዛዙን አነበበ። ፊደል የቆጠረው የገዛ ስሙን ለማንበብ ነበር፤ ይህንንም አነበበው። ከዚያ ጎረቤቶቹን ሦስት ሦስት አድርጎ አሰለፈ። ማንንም አልመታም። ማንንም አልተሳደበም። «ቀስ በሉ፣ መሬቱ ያንሸራትታል» ይል ነበር።

በሚያዝያ ተማሪዎች በሴኡል ጎዳና ወጡ። ድምፃችን ይመለስ አሉ። ኢንሶፕና የጎረቤቱ ልጅ ቻንግቤ እጅ ለእጅ ተያይዘው ነበር የሚሄዱት፤ ሁለቱም ከሶንጎል፣ ሁለቱም በአንድ ክፍል በአንድ ብርድ ልብስ የሚያድሩ። ተኩስ ሲጀመር አንድ ሱቅ በሩን እያወረደ ነበርና ኢንሶፕ ተንሸራቶ ገባ። ከውስጥ ሆኖ እጁን ሲያየው ባዶ ነበር።

ሽማግሌው ከወንበሩ ወረደ፤ ብዙም ሳይቆይ አገር ጥሎ ሄደ።

ኢንሶፕ ወደ መንደሩ ሲመለስ የመንደሩ ሰዎች ከሱ ቀድመው ወደ ቤታቸው መጥተው ሄደዋል። በጓሮ የተደረደሩት፣ ሟች እናቱ ለዓመታት ያብላላችው የአኩሪ አተር ማጣፈጫ ያለባቸው እንስራዎች በድንጋይ ተሰብረዋል። ጥቁሩ ፈሳሽ ግቢውን አቋርጦ እስከ ቦዩ ወርዷል። አባቱ በጉልበቱ ተንበርክኮ ስባሪ ይለቅም ነበር። ቀና ሳይል፦

«አንተም ወጥተህ ነበር?»

«ወጥቼ ነበር።»

«ቻንግቤ አብሮህ ነበር?»

«አብሮኝ ነበር።»

አባቱ በእጁ ያለውን ስባሪ ሌላው ስባሪ ላይ ለመግጠም ሞከረ። አልገጠመም። «እኔ እኮ…» አለ። ኢንሶፕ ጠበቀ። የአረፍተ ነገሩን ቀሪ ቆሞ ጠበቀ፤ ጓሮው በጨውና በእርሾ ሽታ ታፍኗል። የቀረው አልመጣም። ኢንሶፕ ሻንጣውን ሳይፈታ ወደ ባቡር ጣቢያ ተመለሰ። ከዚያ ወዲህ አባቱን በአካል ያየው ዛሬ ነው፤ ከግርዶሹ ጀርባ፣ ለሟች የመንገድ ስንቅ እንደሚደረገው አፉ በሩዝ ተሞልቶ።

*

ገበሬዎቹ እንደ ሄዱ በሩ ላይ አንዲት ሴት ቆመች። ነጭ ቀሚስ ለብሳለች፣ በጭንቅላቷ ምንም አልያዘችም፣ በእጇም ምንም።

«የቻንግቤ እናት» አለች ቦክሱን በሹክሹክታ፤ ማንኪያዋ ከእጇ ወደቀ።

ኢንሶፕ ምርኩዙን ጨበጠ። ማልቀስ ጀመረ፤ በዚህ ጊዜ ድምፁ ከየት እንደ መጣ አያውቅም፣ ብቻ ወፍራም ነበር።

«ተው» አሉት ሴትዮዋ። «ለእኔ አታልቅስ። ልሰግድለት አልመጣሁም።»

ልቅሶውን አቆመ። ሴትዮዋ በረንዳው ጫፍ ላይ፣ ከቀዩ ጨርቅ አጠገብ ተቀመጡ። ቦክሱን የገብስ ሻይ አመጣችላቸው። ተቀበሏት፤ አልጠጡትም፤ በሁለት እጃቸው ያዙት እንጂ። መምህር ዮም ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዙረው ነበር።

«ባዶውን ነው» አሉ ሴትዮዋ ጨርቁን እያዩ። «ምነው?»

ሃክሱ ተነፈሰ። «ልጁ ነው። ያልተሾመ ተብሎ ይጻፍ ይላል። ሹም አይባል ይላል። በሉ እስቲ እርስዎ…» አለና የሚያነጋግራቸው ማን እንደ ሆኑ ትዝ ብሎት አፉን ዘጋ።

«እማማ» አለ ኢንሶፕ። ተንበረከከ። ግንባሩ ምንጣፉን ሊነካ ትንሽ ቀረው። «ለእርስዎ ብዬ ነው። ሹም የሚል ነገር በደጅዎ እንዳያልፍ ብዬ ነው።»

ሴትዮዋ ሳቁ። አጭር ሳቅ፣ በአፍንጫ።

«ለእኔ?»

«ለእርስዎና ለቻንግቤ።»

«የቻንግቤን ስም አፍህ ላይ አታድርግ፤ ቆይ፣ ወደሱም እመጣለሁ።» ሻዩን መሬት አስቀመጡት። «ያን ቀን ከማን ጋር እንደ ገባሁ ታውቃለህ? እኔ፣ የማንሶክ ሚስትና አባትህ። ሦስት። ማኅተሙን ረገጥኩ። ከዚያ ወረቀቱን እንዲህ ዘርግቼ» አሉና ባዶ መዳፋቸውን ኢንሶፕ ፊት ዘረጉት፣ «አሳየሁት። አየው። ‘ጎሽ’ አለኝ። ጎሽ! እርሻውን እንደ ጨረሰ በሬ።»

ሃክሱ አንገቱን ደፋ።

«እንግዲህ ያልተሾመ ሰው ከሆነ፣ ወረቀቴን ለማን ነው ያሳየሁት? ለጎረቤቴ? ጎረቤቴ ወረቀትሽን አሳዪኝ ቢለኝማ በመጥረጊያ ነበር ከደጄ የማባርረው! ሹም ስለ ሆነ ነው። ፈርቼ ነው። ልጄ ሴኡል ነው፣ የትምህርቱን ድጋፍ ያስፈረመለት እሱ ነው፣ ፈርቼ ነው። አሁን አንተ ሹመቱን ፍቀህ ስትቀብረው፣ እኔ ወድጄ ያደረግኩት ይሆናል። ገባህ? ማንም ሳያዘኝ። ልጄም እንዲሁ መንገድ ሲሻገር ወድቆ የሞተ ይሆናል።»

«እኔ…» አለ ኢንሶፕ።

«አባትህም እንዲሁ ነበር። ‘እኔ…’ ይላል። በገበያ ቀን ሲመለስ ደጄ ይቆማል። ስንት ገበያ፣ ስንት ዓመት! ባርኔጣውን በእጁ ይዞ። ዝናብም ቢሆን። ዛሬ ይለዋል፣ ዛሬ ይለዋል እያልኩ ከበሩ ጀርባ ቆሜ እጠብቃለሁ፤ እኔም አልከፍትም፣ እሱም አይናገርም። ‘እኔ…’ ይልና ይሄዳል። ይኸው ሳይለኝ ሞተ።» ድምፃቸው ለመጀመሪያ ጊዜ ተሰበረ፤ ወዲያው ጠገኑት። «ከእንግዲህ ከሱ አፍ ምን ይወጣል? ጨርቁ ይበልልኝ። የአጥቢያው ሹም። በደጄ ይለፍ። ወጥቼ ነው የማነበው።»

«እማማ፣ በየዓመቱ እኮ እየጻፍኩ…»

«ጻፋ! በየዓመቱ ጻፈው። ልጅ ሲኖርህ፣ አባዬ ይህ ምንድን ነው ይልሃል፤ ንገረው። አንተም እፈር፣ እሱም ይፈር። እኔ ብቻዬን አልፈር።»

ተነሡ። ቀሚሳቸውን አራገፉ። ወደ ግርዶሹ አንዴ አዩ፤ ሊሰግዱ ነው ብሎ ሃክሱ ብድግ አለ። አልሰገዱም። ቦክሱን በጨርቅ የተሸፈነ ሥጋ ይዛ በሩ ድረስ ተከተለቻቸው፤ «ልብላ ብዬ ብወስደውስ ጉሮሮዬ መች ያወርደዋል፣ ልጄ» ሲሏት ተሰማ። ቆየት ብለው ግን፦ «እስቲ አምጪው፣ ሐምሌ ነው፣ ይበላሽባችኋል።»

በረንዳው ላይ ሦስቱ ወንዶች ቀሩ። ሃክሱ የፈለገውን አግኝቷል፤ ፊቱ ግን እንደ ተሸነፈ ሰው ነበር። «ሹም» የሚለውን ቃል በአፉ ውስጥ የያዘው ይመስላል፤ መዋጥም መትፋትም አቅቶታል።

«ምናልባት» አለ ቀስ ብሎ፣ «ያንተው ይሻል ይሆን?»

ኢንሶፕ ለስንት ዓመት በአባቱ የሚያፍር ብቸኛ ሰው እሱ ይመስለው ነበር። እፍረቱን በዋና ከተማው የኪራይ ክፍል እንደ ሕመም ደብቆ አኑሮታል፤ ስለ አባቱ ሥራ ሲጠየቅ «ገበሬ ነው» እያለ። ገበሬ ነው ማለቱ ውሸት አልነበረም። ዛሬም ቀዩ ጨርቅ ላይ ሊያጽፍ የነበረው ያንኑ ነው፤ ለሰዎቹ ተጨንቆ ሳይሆን፣ ነገ በየደጁ ሲያልፍ ዓይናቸውን እንዳያይ። አባቱም ሳይጨርስ የተወው አረፍተ ነገር ከዚህ የተለየ አልነበረም።

«መምህር» አለ። «ይጻፉ።»

«ምን ልበል?»

«የአጥቢያው ሹም።»

መምህር ዮም ዞር ብለው አዩት። «ሹም የሚለውን አነስ አድርጌ ብጽፈው…»

«ከሌላው ፊደል እኩል። አይነስ፣ አይተልቅ።»

መምህሩ እጅጌያቸውን ሰበሰቡ። ኢንሶፕ ምርኩዙን ግድግዳው ላይ አስደግፎ ተንበረከከና ሐሩ እንዳይሸበሸብ ሁለቱን ጫፎች በመዳፎቹ ወጠረ። ብሩሹ ወረደ። ነጩ ቀለም በቀዩ ላይ መጀመሪያ ግራጫ መስሎ ታየ፤ ከዚያ ነጣ። መምህሩ ትንፋሻቸውን ይዘው እየጻፉ ነበር፤ እያንዳንዱን ፊደል ሲጨርሱ ነበር የሚተነፍሱት። ሹመቱን፣ የጎሳውን ስም፣ የሟቹን ስም ጽፈው ሲያበቁ ብሩሹን ለማጠብ ወደ ጉድጓዱ ሄዱ። ሃክሱም ተከተላቸው።

ሙቀቱ ከባድ ነው፤ እርጥብ አየር፣ ነፋስ የሚባል የለም። ቀለሙ ቶሎ አይደርቅም። ሙጫው ሸቷቸው ይሁን ዝንቦች መጡ። አንዷ በጨርቁ ላይ ዞረች፣ ወረደች፣ ሹመቱ በተጻፈበት እርጥብ ነጭ ላይ ልታርፍ እግሯን ዘረጋች።

ኢንሶፕ ሁለቱም እጆቹ ተይዘዋል፤ ጨርቁን ቢለቅ ይሸበሸባል። ጎንበስ አለና፣ ቀለሙን እንዳይበትነው ተጠንቅቆ፣ ቀስ ብሎ እፍ አላት። ተነሣች። ዞራ መጣች። ደክሞት ቀትር ላይ ጋደም ብሎ እንቅልፍ ከወሰደው ሰው ፊት ዝንብ እንደሚያባርር፣ እንዳይነቃበትም እንደሚፈራ ሰው፣ ደግሞ እፍ አላት።